ጳውሎስ «ጉድፍ» ሲል ጸያፍ ቃል መናገሩ ነበር?

ጥያቄው የመጣው ከአንዲት የሰንበት ትምህርት ቤት አስተማሪ ነው። ባጭሩ እንዲህ ይላል፦ «አንድ ሰባኪ ፊልጵስዩስ 3፥8ን ሲያብራራ ሰማሁ። ሐዋርያው ጳውሎስ እዚያ ላይ የተጠቀመው የግሪክ ቃል በዘመኑ እናት ፊት የማይባል ጸያፍ ቃል ነበር፣ የእኛ ተርጓሚዎች አፍረው ነው ‹ጉድፍ› ያሉት አለ። ተማሪዎቼም ሰምተውት ኖሮ ‹እሱ ከተናገረ እኛስ ምን አለበት?› ብለው ያዙኝ። እውነት ነው? ምን ልበላቸው?»

እህቴ፣ መልሱን አስቀድሜ ልንገርዎት። ቃሉ ጸያፍ አልነበረም። ይሁን እንጂ ሰባኪው የነካው አንድ እውነት አለ፤ የግሪኩ ቃል ከእኛ «ጉድፍ» በጣም ይከብዳል። እኔ አዲስ ኪዳን የተጻፈበትን ግሪክኛ ሳስተምር ከማንኛውም ቃል በላይ የምጠየቀው ስለዚህ ነው። ስለዚህ ዛሬ ሰፋ አድርጌ ልመልስ።

ጳውሎስ በዚህ ጥቅስ ስለ ክርስቶስ ሁሉን «እንደ ጉድፍ» እቆጥራለሁ ይላል። «ጉድፍ» የተባለው የግሪክ ቃል ስኩባላ ነው። ነጠላው ስኩባሎን። በአዲስ ኪዳን ውስጥ የሚገኘው አንድ ጊዜ ብቻ፣ እዚችው ጥቅስ ላይ ነው። ክርክሩ የማያልቀውም ለዚህ ነው። አሥር ቦታ ቢገኝ ኖሮ አንዱን ከሌላው እያመሳከርን እንጨርሰው ነበር። አንድ ቦታ ብቻ ሲሆን ግን ከመጽሐፍ ቅዱስ ውጪ ወጥተን የዘመኑ ሰዎች ቃሉን እንዴት ይሉት እንደነበር ማየት አለብን።

ከዚያ በፊት ግን አንድ ነገር እንለይ። የነገሩ መቆሸሽና የቃሉ መጸየፍ ለየቅል ናቸው። ይሄን አማርኛ ተናጋሪ በቀላሉ ይረዳዋል። እበት አለን። አዛባ፣ ኩበት፣ ፋንድያ፣ በጠጥ አለን። ሁሉም ከእንስሳ ሆድ የወጡ ናቸው። ግን አንድ ሽማግሌ ሰው መሀል ተቀምጠው «እበት ትል ይወልዳል» ብለው ቢተርቱ ማንም አይደነግጥም። አያቴ አውድማውን በእበት ስትለቀልቅ «እበት አምጡልኝ» ብላ ቄሱ እየሰሙ ትጣራ ነበር። ሐኪም «ሰገራ» ይላል። ጨዋ ሰው «ዓይነ ምድር» ይላል። ከዚያ ደግሞ ሁላችንም የምናውቃት ባለ ሁለት ፊደል ቃል አለች። እሷን እዚህ አልጽፋትም፣ እርስዎም ተማሪዎችዎ ፊት አይሏትም። ነገሩ ያው አንድ ነው። ቃሉን የሚያከብረውም የሚያዋርደውም ማን፣ ለማን፣ የት ይለዋል የሚለው ነው።

ስለ ስኩባላም የምንጠይቀው ይህንኑ ነው።

ከሁሉ በፊት የምጠራው ምስክር ፕሉታርክ ነው። በዴልፊ መቅደስ ካህን የነበረ ፈላስፋ ነው፤ ከጳውሎስ አንድ ትውልድ ያህል ዝቅ ይላል። ስለ ኢሲስና ኦሲሪስ፣ ማለትም ስለ ግብጻውያን አማልክት፣ አንድ ድርሳን ጽፏል። የጻፈውም ክሌያ ለምትባል፣ እዚያው ዴልፊ በአገልግሎት ለነበረች የተከበረች ሴት ነው። በዚህ ድርሳን ውስጥ የግብጽ ካህናት ሱፍ ትተው በፍታ የሚለብሱበትን ምክንያት ያስረዳታል። ከምግብ የሚተርፍ ዝቃጭና ስኩባሎን ንጹሕ ሊሆን አይችልም፣ ሱፍና ፀጉር ደግሞ ከዚያ ዝቃጭ የሚበቅሉ ናቸው ይላል። እስቲ ያስቡት። አንድ ካህን ለአንዲት የመቅደስ እመቤት ስለ ንጽሕና እየጻፈ ነው። እናት ፊት የማይባል ቃል እዚያ ቦታ ምን ይሠራል? ለእኔ ይህ አንዱ ማስረጃ ብቻውን ክርክሩን ግማሽ መንገድ ያደርሰዋል።

ሁለተኛው ደግሞ ልብ ይነካል። ከጥንት ግሪኮች የደረሰን አንድ የመቃብር ግጥም አለ። ዓሣ አጥማጆች መረባቸውን ሲስቡ ባሕር ግማሹን የበላው የሰው ሬሳ ይወጣላቸዋል። ገጣሚው ያንን ምስኪን «የባሕር ጉዞ ስኩባሎን፣ ብዙ የተለቀሰለት» ይለዋል። ከጉዞው የተረፈ ቅሪት ማለቱ ነው። ይህ ሙሾ ነው። ሙሾ አውራጅ በሬሳ ፊት ጸያፍ ቃል አታወጣም፤ በእኛም አገር በእነሱም አገር።

ሦስተኛው የታራስ ሰው ሊዮኒዳስ ነው፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ3ኛው ክፍለ ዘመን የኖረ ገጣሚ። በአንዱ ግጥሙ አንድ ድሃ ሽማግሌ አይጦቹን ከጎጆዬ ውጡልኝ ይላቸዋል። እዚህ ቤት ከእራት የተረፈ ስኩባሎን እንኳ የለም ይላል። እዚህ ላይ ቃሉ ፍርፋሪ ነው። ከሆድ የወጣ ነገር ጨርሶ አይደለም።

ስትራቦን የተባለው የመልክዓ ምድር ጸሐፊ ደግሞ በራእይ መጽሐፍ ሰምርኔስ የምንላትን ከተማ ሲገልጽ ውበቷን ካደነቀ በኋላ መሐንዲሶቿን ይወቅሳል። መንገዱን በድንጋይ ሲያነጥፉ የፍሳሽ መውረጃ አልሠሩለትም፣ በዝናብ ጊዜ ስኩባላው መንገዱን ይሞላዋል ይላል። ክረምት ላይ አዲስ አበባ ውስጥ ቱቦው ተደፍኖ የሚንሳፈፈውን ያየ ሰው ምን ማለቱ እንደሆነ ወዲያው ይገባዋል። አጻጻፉ የጨዋ ነው። የከተማ ችግር ሪፖርት ማድረጉ ነው።

አይሁዳዊው የታሪክ ጸሐፊ ዮሴፍ ፍላቪዮስም አለ። ዮሴፍ ወልደ ኮርዮን ከሚባለው ከእኛው የቆየ መጽሐፍ ጋር እንዳይምታታብዎት፣ ያ ሌላ ነው። ፍላቪዮስ ኢየሩሳሌም በ70 ዓ.ም. ስትከበብ ረሃቡ የት ድረስ እንደደረሰ ሲተርክ፣ ሰዎች የፍሳሽ ቦይና የቆየ የከብት እበት እየፈተሹ ከዚያ ያገኙትን ስኩባላ ይበሉ ነበር ይላል። የሚዘገንን ነገር ነው። መጽሐፉን ግን ለሮም ገዢዎች፣ ለቬስፓስያንና ለልጁ ለቲቶ አበርክቶታል። ለንጉሠ ነገሥት በሚቀርብ ታሪክ ውስጥ ሰው ቃሉን መርጦ ነው የሚያስገባው።

በሕክምናውም ቃሉ ዋና መጠሪያ ነበር። ዛሬም ድረስ በዓለም የሕክምና መጻሕፍት ውስጥ በከባድ ድርቀት ጊዜ የሚጠጥረው ሰገራ «ስኪባላ» ይባላል። ሐኪሙ ይህን ጽፎ አያፍርም።

ታዲያ ግሪኮቹ ጸያፍ ቃል አልነበራቸውም? ነበራቸው እንጂ! ስኮር የሚባል ቃል አላቸው። አሪስቶፋነስ የሚባለው የኮሜዲ ጸሐፊ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ405 ባቀረበው «እንቁራሪቶቹ» በተባለው ተውኔቱ ሲኦልን ሲገልጽ በማያቋርጥ ስኮር የተሞላ ያደርገዋል፣ ተመልካቹን ለማሳቅ። እሱ እንግዲህ አንደበቱን የማይገታ ጸሐፊ ነው። ስኩባላን ግን በደረሱን ተውኔቶቹ ውስጥ አናገኘውም። ሳቅ የሚፈጥርለት ቃል ሌላው ነበርና። ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ አልፎ፣ ዛሬም አቴንስ ውስጥ አንድ ሹፌር ሲናደድ ከአፉ የሚወጣው «ስካታ» የዚያው የስኮር ዘር ነው። ስኩባላም ዛሬ በግሪክኛ አለ፣ ግን እህል ሲነፋ የሚቀር ጥራጊና ተራ ቆሻሻ ማለት ነው። የሁለቱ ቃላት መንገድ ያኔም ዛሬም አልተገናኘም።

ጳውሎስ መሳደብ ቢፈልግ ቃሉ በእጁ ነበር ማለት ነው። አላነሳውም።

አሁን ወደ ሌላኛው ጎን ልሂድ። ምክንያቱም እስካሁን ያልኩትን ብቻ ይዘው ቢሄዱ ቃሉ ለስላሳ ነው ብለው ሊያስቡ ይችላሉ። ለስላሳስ አይደለም።

በጣም የምወደው ማስረጃ ከግብጽ አሸዋ የወጣ የፓፒረስ ደብዳቤ ነው። በ100 ዓ.ም. ገደማ የተጻፈ ነው፤ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምናገረው። ጸሐፊው ጌሜሎስ የሚባል ጡረታ የወጣ የሮም ወታደር ነው። ፋዩም ውስጥ መሬት አለው፤ ብዙ ደብዳቤዎቹ ደርሰውናል፣ የፊደል ግድፈታቸውም ብዙ ነው። በዚህ ደብዳቤ አህያ ነጂው የገዛውን ድርቆሽ አይቶ ደሙ ፈልቷል። ትንሽ ነዶ፣ የበሰበሰ ድርቆሽ፣ ሁሉም እንዳለ «እንደ ስኩባሎን» የተፈረፈረ ነው ብሎ ይጽፋል። የጳውሎስም አነጋገር ይህንኑ ይመስላል። ሁለቱም አንድን ነገር ከስኩባሎን ይቆጥሩታል። ጌሜሎስ ገንዘብ ወጥቶበት የመጣውን ድርቆሽ ነው ዋጋ ቢስ የሚለው። ቃሉ ውስጥ ንዴት አለ፣ መጸየፍም አለ። ስድብ ግን የለም። አባት ለልጁ የሚጽፈው የእርሻ ጉዳይ ነው።

የጳውሎስን ጥቅስ ከፍ ብለው ከቁጥር 5 ጀምረው ያንብቡት። በስምንተኛው ቀን የተገረዝሁ፣ ከብንያም ወገን፣ ከዕብራውያን ዕብራዊ፣ ስለ ሕግ ብትጠይቁኝ ፈሪሳዊ ነበርሁ ይላል። የዘር ሐረጉን፣ ትምህርቱን፣ ማዕረጉን ይደረድራል። ከዚያ እንደ ነጋዴ ሒሳብ ይሠራል። ረብ የነበረውን ወደ ጉዳት ያዞረዋል። ጉዳት ብሎ ግን አልበቃውም። ጉዳት የሚባለው እኮ ዋጋ የነበረው ነገር ሲጠፋ ነው፤ ሰው ያዝንለታል። ስለዚህ አንድ ደረጃ ወርዶ ስኩባላ አለው። ስኩባላ ከደጅ ይጣላል እንጂ የሚያዝንለት የለም።

እዚህ ላይ ስድብ ከሚባለው ነገር ጋር ትልቅ ልዩነት አለ። ሰው ሲሳደብ ሌላውን ነው የሚያዋርደው። ጳውሎስ ይህን ከባድ ቃል የወረወረው በገዛ ክብሩ ላይ ነው። በራሱ የትምህርት ማስረጃ ላይ ነው ብንል ይቀላል።

አንድ ነገር እግረ መንገዴን ልጨምር። ሱዳ የሚባል የ10ኛው ክፍለ ዘመን የግሪክ መዝገበ ቃላት ስኩባሎን «ለውሾች የሚጣል» ከሚል ሐረግ መጣ ይላል። የቋንቋ ሊቃውንት ይህን አይቀበሉትም፣ ሰው ከድምፁ ተነስቶ የፈጠረው ማብራሪያ ነው። ግን ጳውሎስ እዚያው ምዕራፍ ላይ፣ ቁጥር 2፣ «ከውሾች ተጠበቁ» ብሎ መጀመሩን ሳስብ፣ ግሪክኛ ጆሮ ያለው ሰው ሁለቱን ሳያገናኝ ይቀራል ብዬ አላምንም።

አሁን ወደ እኛው «ጉድፍ» እንምጣ። ከሰባኪው ጋር በከፊል የምስማማው እዚህ ላይ ነው።

አብዛኞቻችን ያደግንበት የ1954 ዓ.ም. የአማርኛ ትርጉም ስኩባላን «ጉድፍ» ይለዋል። ቃሉ በዘመኑ ጥሩ ምርጫ ነበር፤ ጉድፍ የሚጣል ጥራጊ ነውና። ችግሩ ሌላ ነው። ያው ትርጉም በማቴዎስ 7፥3 «በወንድምህ ዓይን ያለውን ጉድፍ» ይላል። እዚያ ግሪኩ ካርፎስ ነው፣ ስንጥር። በ1ኛ ቆሮንቶስ 4፥13 ደግሞ «የዓለም ጥራጊ የሁሉም ጉድፍ ሆነናል» ይላል። እዚያ ግሪኩ ፔሪፕሴማ ነው፣ ተፍቆ የሚጣል እድፍ። ሦስት የተለያዩ የግሪክ ቃላት በአማርኛችን አንድ ሆኑ። ከሦስቱ ደግሞ በሁላችንም አፍ የገባው የማቴዎሱ ነው። ጉድፍ ስንል ቶሎ የሚመጣልን ዓይን ውስጥ የገባች ብናኝ ናት። በጣት ጫፍ ትወጣለች። ታዲያ ጳውሎስ ሕይወቱን ሙሉ የደከመበትን ነገር እንደ ጉድፍ ቆጠርኩ ሲል፣ ጥቃቅን ነገር የናቀ ይመስለናል። የፊልጵስዩስ ሰዎች የሰሙት ግን ሰምርኔስ መንገድ ላይ የሚንሳፈፈውን ነው። ጌሜሎስ ያየውን የበሰበሰ ድርቆሽ ነው።

ተርጓሚዎቹ ስላፈሩ ነው የሚለውን ግን አልቀበልም። ያው መጽሐፍ ቅዱስ ኢሳይያስ 64፥6 ላይ «ጽድቃችንም ሁሉ እንደ መርገም ጨርቅ ነው» ይላል። መርገም በዚያ ትርጉም የሴት ወርኃዊ ደም ነው፤ ኦሪት ዘሌዋውያን 15ን ያየ ያውቀዋል። ጨርቁ ምን እንደሆነ ልነግርዎት አያስፈልግም። ስንቶቻችን በጸሎት ላይ ሳናስተውለው እንለዋለን! ያንን ሳያፍሩ የጻፉ ሰዎች በስኩባላ አፈሩ ማለት አይሆንልኝም።

እኔ ብተረጉመው «ቆሻሻ» እለው ነበር። በዛሬው አማርኛ ቆሻሻ የሚጣለውንም የሚያስጸይፈውንም ይይዛል። የቤት ጥራጊም ቆሻሻ ነው፣ የፍሳሽ ቦይ ውስጥ ያለውም ቆሻሻ ነው። ልጅ ይለዋል፣ ጳጳስም ይለዋል። ስኩባላ እንዲህ ያለ ቃል ነበር። ፋንድያ የሚለውም አያስከፋኝም። ቩልጌት የሚባለው የቆየው የላቲን ትርጉም ስቴርኮራ ይለዋል፣ ገበሬው ማሳው ላይ የሚበትነው ፍግ ማለት ነው። ላቲንም ሜርዳ የሚባል ጸያፍ ቃል ነበረው፤ ትርጉሙ ግን አልነካውም። ሉተርም በጀርመንኛው ድሬክ አለው፣ ተራ ሰው ጫማው ላይ ላለው ቆሻሻ የሚለው ቃል ነው።

ዮሐንስ አፈወርቅ ግን ለየት ያለ መንገድ ይዟል። እሱ ግሪክኛ አፉን የፈታበት ቋንቋ ነው፣ ስለዚህ ጆሮውን አከብራለሁ። የፊልጵስዩስን መልእክት ሲተረጉም ስኩባሎን ከስንዴ የሚወጣ ነው፣ ገለባ ማለቴ ነው ይላል። ገለባው ስንዴውን ተሸክሞ አሳደገው፤ ያለ ገለባው ስንዴ ባልኖረ ነበር። ስንዴው ሲገኝ ግን ገለባው ይጣላል። እንዲህ ያለው ኦሪትን ከጥንትም ክፉ ነበረች ለሚሉ መናፍቃን መልስ ለመስጠት ነው። እኔ በዚህ ጥቅስ ላይ የጳውሎስ ስሜት ከገለባ የከረረ ይመስለኛል። ቢሆንም አንድ ነገር ልብ ይበሉ፦ ይህ ታላቅ ሰባኪ ቃሉን በጉባኤ መሀል ደጋግሞ ሲያነሳ ምንም አላፈረም፣ ይቅርታም አልጠየቀም። ምግባር ላይ ምን ያህል ቆጣ እንደሚል የምናውቅ ሰዎች ይህን ቀላል ማስረጃ አንለውም።

«እሱ ከተናገረ እኛስ?» ለሚለው ለተማሪዎችዎ ጥያቄ መልሱ እዚያው ጳውሎስ ጋ አለ። ቆላስይስ 3፥8 ላይ ከአፋችሁ ስድብንና የሚያሳፍርን ንግግር አስወግዱ ይላል። ኤፌሶን 4፥29 ላይ «ክፉ ቃል ከአፋችሁ ከቶ አይውጣ» ይላል። እዚህ «ክፉ» የተባለው በግሪኩ ሳፕሮስ ነው፣ የበሰበሰ ማለት ነው። ጌሜሎስ ያንን ድርቆሽ የጠራበት ቃል ራሱ! ሽማግሌው ወታደር በአንድ መስመር ላይ ሳፕሮስንም ስኩባሎንንም አስገብቷል። የበሰበሰ ቃል አትናገሩ የሚል ሰው፣ ልድያን የመሰለች ቀይ ሐር ሻጭ፣ ኤዎድያና ሲንጤኪ በሚቀመጡበት ጉባኤ ጮክ ተብሎ በሚነበብ ደብዳቤ ላይ የበሰበሰ ቃል አይጽፍም።

ለልጆቹ ይህን ሁሉ ግሪክ መዘርዘር አያስፈልግዎትም። አንድ ወንፊትና ያልተነፋ እህል ይዘው ይግቡ። መጽሐፈ ሲራክ በቤተ ክርስቲያናችን የሚነበብ ስለሆነ ምዕራፍ 27 ቁጥር 4ን ይክፈቱላቸው። ወንፊት ሲነቀነቅ ጥራጊው እንደሚቀር፣ የሰውም ስኩባላ በሐሳቡ ውስጥ እንዲሁ ይቀራል ይላል፤ የግሪኩ ቃል ያው የጳውሎሱ ነው። ልጆቹ ራሳቸው ይንፉት። ምርቱ ይውረድ። ከዚያ ወንፊቱ ላይ የቀረውን ግርድ፣ አፈሩን፣ ጠጠሩን፣ የአይጥ በጠጥ ካለም እሱን ያሳዩአቸው። «ጳውሎስ በወጣትነቱ የሚኮራበትን ሁሉ እዚህ ጋ አስቀመጠው» ይበሏቸው። ከዚያ ሄደው ይድፉት።